ትንሽ ይበቃኛል

በ«ንጋት» መንኮራኩር ላይ፣ ከመተኛት በፊት ትዝታን አራግፎ ማስቀመጥ ጫማ እንደማውለቅ ያለ ነገር ነው። የዘጠና ዓመቱ እንቅልፍ አእምሮን አጥቦ ስለሚያነጣው፣ እያንዳንዱ መንገደኛ ትዝታውን «ጥሪት» በተባለው የዲጂታል ጎተራ ያኖራል፤ ሲነቃ ይመለስለታል። የጎተራው ኃላፊ ትርንጎ ናት።

ከጉዞው በፊት ሦስት መቶውን መንገደኛ «ስንት ፔታባይት ይበቃዎታል?» ብላ ጠይቃ ነበር። ፔታባይት የትዝታ ቁና ነው በሉት። መቼም የኛ ሰው! «ኧረ ለኔማ ሁለት ከበቂም በላይ ነው!» ያላለ የለም። ይሉኝታ መሆኑ ጠፍቷት አይደለም፤ ከሦስት መቶዎቹ አንዷ ናትና ራሷም ሁለት ብላለች። ሦስት መቶ ሲባዛ በሁለት፣ ስድስት መቶ። ጎተራው በዚያው ልክ ተሠራ።

በመኝታው ዕለት ሰፋሪው፣ ማለትም ትዝታ የሚለካው ማሽን፣ ጉዱን አወጣው። የአንድ ሰው ትዝታ አምስት ሆኖ ተገኘ። ሦስት መቶ ሲባዛ በአምስት፣ አንድ ሺህ አምስት መቶ! ጎተራው የሚይዘው የመቶ ሃያ ሰው ብቻ ነው።

ትርንጎ መሬት ተከፍታ ብትውጣት በወደደች፤ ምን ያደርጋል፣ መሬት ከኋላ ቀርታለች። በየአልጋቸው ለተጋደሙት እያፈረች ነገረቻቸው።

«ለዚህ ነው ፊትሽ የጠቆረው?» አሉ አዛውንቱ ጋሽ ቢራራ። «የኔ ይቅር፣ ልጄ። ለወጣቶቹ ይሁን።»

«በሞቴ ጋሼ! እርስዎ እያሉ?» አለች ከጎናቸው የተኛችው ሙሽራ። «የኔ ይቅር!»

ከዚያማ «የኔ ይቅር» ከአልጋ አልጋ ተዛመተ። ትርንጎም ልትል አፏን ከፈተች። የእናቷ ሳቅ ትዝ አላትና መልሳ ዘጋችው። የሷን የጠየቀ አልነበረም፤ አንገቷን ደፍታ ቆየች። ክዳኖቹ ተዘጉ፤ ሁሉም አንቀላፋ።

«ስንት ቦታ ተረፈ?» አለችው ሰፋሪውን።

«አምስት መቶ ዘጠና አምስት። የተቀመጠው የአንድ ሰው ነው፤ የእርስዎ።»

«የሌሎቹስ?»

«‹ይቅር› ብለዋል። እንደ ቃላቸው አጥፍቻለሁ።»

«አንተ ጅል! እንዲህ ያለ ሰው እኮ ‹በፍጹም አይሆንም› ተብሎ ይለመናል!»

«ማን ነበር የሚለምናቸው?» አላት ማሽኑ በትሕትና።

ትርንጎ ሰው ያያት ይመስል ፊቷን በእጇ ሸፈነች። ከዘጠና ዓመት በኋላ ያ ሁሉ ሰው ተነሥቶ «እኛ ማን ነን?» ይላታል። ደጎች ነበራችሁ ልትላቸው ነው። «በምን አወቅሽ?» ሲሏት ግን፣ ያኔ ዝም ያለችው እሷ ብቻ እንደነበረች መናገር አለባት።