ዞረሽ እንዳታዪው

ይህ በራሴ ላይ የደረሰ ነው። ከሰው የሰማሁት አይደለም።

ሌሊትም አልነበረም። ቀትር ነበር... ስድስት ሰዓት ሊሆን ጥቂት ሲቀረው። በኅዳር ወር፣ ማክሰኞ ቀን፣ በሌትሪም ተራሮች ግርጌ። አልጠጣሁም፤ አላንቀላፋሁም። ያየሁትን አይቻለሁ። ያላየሁት ነው እስከ ዛሬ የሚያንገበግበኝ።

ስሜ ናብላ ነው።

አባቴ ቱርሎህ ሳንባውን ታሞ ከተኛ ሦስተኛ ሳምንቱን ይዞ ነበር። መድኃኒት አልጠየቀም። ሾርባ አልጠየቀም። የሚጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነው...

«ቄስ አምጪልኝ።»

ቀላል ነገር ይመስላል። በእኛ አገር፣ በዚያ ዘመን፣ ከዚህ የከበደ ነገር አልነበረም።

የደብራችን ቄስ ስሙ በመንግሥት መዝገብ የሰፈረ፣ ፈቃድ ያለው ሰው ነበር። እኔ ሕፃን ሳለሁ ሲሞት ግን ሕጉ ሌላ እንዲተካ አልፈቀደም። አሁን ያለው ከባሕር ማዶ ተምሮ በድብቅ የገባ ነው። ቢይዙት በመርከብ ጭነው ያባርሩታል። ከተመለሰ ይሰቅሉታል።

የአባቴ ነገር ደግሞ ከዚህም የባሰ ነበር።

አያቴ ሲሞት መሬቱ ለሦስት ወንድ ልጆቹ እኩል መቆራረስ ነበረበት። የካቶሊክ መሬት ሕጉ እንዲህ ነው። ታላቁ ልጅ ካቶሊክነቱን ትቶ ወደ ንጉሡ ሃይማኖት ከገባ ግን ሁሉንም ይጠቀልላል።

ታላቁ ልጅ አባቴ ነበር።

በአንድ እሁድ፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ የእናቱን ሃይማኖት ካደ። ሁለቱ ታናናሾቹ ባዶ እጃቸውን ወደብ ወረዱ። ወሬያቸው አልተሰማም።

ይህ ከሆነ አራት ዓመቱ ነው። አሁን እየሞተ ነው። ያንን ኃጢአት ሳይናዘዝ መሞት አይፈልግም።

ቄሱ የት እንዳለ የሚያውቀው ሸማኔው ፌልም ነበር። አምስት ጊዜ ሄድኩ። አምስቱንም ጊዜ በእግሬ፣ በዝናብ፣ ያንን ቁልቁለት ወርጄ።

በመጀመሪያው ቀን ሚስቱ ሞር በሩን ገርበብ አድርጋ አየችኝ።

«ምነው ልጄ? ትራስ ያለው ወንበር ላይ የሚቀመጠው ጌታ ዛሬ ምን ጎደለበት?»

«ታሟል። ቄስ ይፈልጋል።»

«ቄስማ አላችሁ አይደል! የንጉሡ ሃይማኖት ቄስ፣ ያውም ባለ ሚስት፣ ባለ ሠረገላ። እሱን ጥሩታ!»

በሩን ዘጋችው።

በሁለተኛው ቀን ፌልም ራሱ ወጥቶ መለሰኝ። በሦስተኛው ውሻ ለቀቁብኝ። በአራተኛው ደጃፋቸው ላይ ተቀመጥኩ። እስኪመሽ ተቀመጥኩ። ማንም አላናገረኝም።

በአምስተኛው ጮህኩ።

«አያ ፌልም፣ እየሞተ ነው እኮ!»

«ሁላችንም እየሞትን ነው። እሱ ግን መሬት ይዞ ነው።»

«እኔ ምን አደረግኋችሁ?»

ፌልም ወደ መንገዱ አየ። ድምፁን ቀነሰ።

«ስሚ ናብላ። ቄሱ ለእኔ ንስሐ ቢሰጥ ያባርሩታል። ሃይማኖቱን ለለወጠ ሰው ቢሰጥ ግን እስር ቤት ውስጥ ይበሰብሳል። አባትሽ ወጥመድ ቢሆንስ?»

«ራሱን መገልበጥ ያቃተው ሰው ምን ወጥመድ ይሆናል?»

 ከውስጥ ሞር፣ «አስምላት፣ አስምላት!» አለች። የሚለኝን ሁሉ እንድፈጽም አስማለኝ። ከዚያ በጆሮዬ ነገረኝ።

«ነገ ከቀትር በፊት። ከወንዙ ማዶ፣ አጥሩ የፈረሰበት፣ እሾሃማው ዛፍ ስር። ጀርባሽን ለፈረሰው አጥር ሰጥተሽ ቁሚ። ከኋላሽ ይመጣል። አንቺ ከፊት ሂጂ። ስሙን አትጠይቂ። ዞረሽ እንዳታዪው።»

ይህንን ማስረዳት አላስፈለገውም። ዳኛው ፊት ቢያቀርቡኝ በመሐላ የሚጠይቁኝ ያንን ነው... ማን ነበር? መልኩ ምን ይመስላል? ያላየ ሰው በሐሰት አይምልም። ስናስቀድስም እንደዚሁ ነበር። በቄሱና በእኛ መካከል ብርድ ልብስ እንሰቅላለን። ድምፅ እንሰማለን፤ ፊት አናይም። ከልጅነቴ ጀምሮ የምወዳቸውን ቄሶች በድምፃቸው እንጂ በመልካቸው አላውቃቸውም።

በማግስቱ ሄድኩ።

ጉም ነበር። የራሴን ጫማ የማላይበት ጉም።

ዛፉ ስር ቆምኩ። ጀርባዬን ለአጥሩ ሰጠሁ።

ቆየሁ... እጆቼ ደነዘዙ። አባቴ እየሞተ እኔ እዚህ ዛፍ ስር! ሕጉን ረገምኩ። ፌልምን ረገምኩ። አባቴንም፣ ይቅር ይበለኝ፣ ረገምኩ።

ከዚያ አንድ ሰው ከኋላዬ እንዳለ አወቅሁ።

ኮቴ አልሰማሁም። ድንጋይ አልተንኳኳም። በቃ... ነበር።

«አባ?»

ፊቴን ወደ ጉሙ እንዳደረግኩ ደገምኩት።

«አባ፣ እርስዎ ነዎት?»

«ሂጂ።»

ድምፁ ዝቅ ያለ ነበር። ብዙ ቀን ሳይናገር የቆየ ሰው ድምፅ።

ሄድኩ።

የጫማዬ ድምፅ ጭቃው ላይ ጨቅ ጨቅ ይላል። የእኔ ብቻ። ቆም ስል ከኋላዬ ዝም ነው። ስሄድም ዝም ነው። «ባዶ እግሩን ይሆናል» አልኩ። ተደብቆ የሚኖር ሰው ኮቴውን ማጥፋት ይለምዳል።

ሜዳው ላይ የእኛ በጎች ነበሩ። ሰው ሲያዩ ወደ ሰው የሚሮጡ በጎች ናቸው።

አልሮጡም።

ሁሉም ጀርባቸውን ሰጥተውን ቆመው ነበር። አንድም ሳይቀር። አንገታቸውን ደፍተው... ሳይግጡ።

ወንዙ ጋ ደረስን። በድንጋይ ላይ እየረገጥን ነው የምንሻገረው።

«አባ፣ ይጠንቀቁ። ሦስተኛው ድንጋይ...»

«አውቀዋለሁ።»

እግሬ አየር ላይ ቀረ።

ይህ ቄስ ከመጣ ሁለት ወር አልሞላውም። በእኛ መሬት አልፎ አያውቅም።

ልዞር ነበር። አንገቴ ጀመረ። ከዚያ መሐላዬን አሰብኩ፤ አባቴን አሰብኩ። አምስት ጊዜ ያንን ቁልቁለት የወረድኩትን አሰብኩ። አሁን ዞሬ ባየውና ትቶኝ ቢሄድስ? ስድስተኛ ጊዜ ማን በር ይከፍትልኛል?

አልዞርኩም። ተሻገርኩ።

ከኋላዬ ውኃው ምንም አላለም።

«ስንት ዓመት ሆነው?» አለ ድምፁ። አሁን ቀረብ ብሏል።

«ምኑ አባ?»

«ከካደ።»

«አራት።»

«ረጅም ነው» አለ። ትንሽ ቆይቶ... «አይደለም። አጭር ነው።»

ቤት ስንደርስ ውሻችን ደጃፉ ላይ ነበር። አልጮኸም። ተነሣ፤ ወደ ግድግዳው ዞረ፤ አፍንጫውን ከድንጋዩ ጋር አጣብቆ ተቀመጠ። ይንቀጠቀጥ ነበር።

ወደ ውስጥ ገባሁ። የአባቴን ክፍል በር ከፈትኩና ፊቴን ወደ ግድግዳው አዞርኩ። የሆነ ነገር ከኋላዬ አለፈ። ብርድ አልነበረም። አሁን የጠፋ ጧፍ ሽታ ነው የሸተተኝ።

በሩን ዘጋሁ። ምድጃው አጠገብ ተቀመጥኩ።

የአባቴ ድምፅ ይሰማኛል። ቃሉ አይለይም፤ ድምፁ ብቻ። ብዙ ተናገረ። ከዚያ አለቀሰ። አባቴ ሲያለቅስ ሰምቼ አላውቅም ነበር። «በመጨረሻ!» አልኩ። እኔም አለቀስኩ። ሦስት ሳምንት የተሸከምኩት ነገር ከትከሻዬ ሲወርድ ተሰማኝ።

ከዚያ ጸጥ አለ።

ከዚያ ሌላው ድምፅ ጀመረ። ዝቅ ያለ፣ የማይቋረጥ።

በመሐል የአባቴን ድምፅ ሰማሁ። ይህንን ቃል በቃል ሰምቻለሁ።

«እሺ... እሺ... ከዚያስ?»

ተናዛዥ እንዲህ አይልም። እንዲህ የሚለው አናዛዡ ነው።

ልነሣ ስል የውጪው በር ተደበደበ።

ከፈትኩ። ፌልም ነበር፤ ፊቱ በንዴት ቀልቷል። ከኋላው አንድ አጭር ሰው እስከ ጉልበቱ ጭቃ ሆኖ ያለከልካል።

«አንቺ! ምን ዓይነት ሰው ነሽ?» አለ ፌልም። «ከቀትር በፊት ጀምሮ ዛፉ ስር ገትረሽን! ይህ ሰው አንገቱን ለገመድ ሰጥቶ ሲመጣ አንቺ እሳት ትሞቂያለሽ?»

«ዛፉ ስር ነበርኩ አያ ፌልም።»

«አልነበርሽም!»

«ነበርኩ። ይዤውም መጣሁ።»

«ማንን?»

«ቄሱን ነዋ። ውስጥ ነው... ከአባቴ ጋር።»

ፌልም ሊስቅ ነበር። አፉ ተከፍቶ ቀረ። ወደ አጭሩ ሰው ዞረ። አጭሩ ሰው ደግሞ ለሚሞት ሰው የሚቀባውን የቅዱስ ዘይት ብልቃጥ ከካባው ስር አውጥቶ በእጁ ይዞ ነበር።

«ቄሱ እኔ ነኝ ልጄ» አለ በሹክሹክታ። «በዚህ አውራጃ ሌላ የለም።»

ከውስጥ ያለው ድምፅ አቆመ።

ቄሱ አማተበና በሩን ገፋው።

አባቴ ብቻውን ነበር። መስኮቱ ድመት የማያሾልክ ነው። ሌላ በር የለም። አባቴ፣ ሦስት ሳምንት ቀና ማለት ያቃተው ሰው፣ አልጋው ጫፍ ላይ ቀጥ ብሎ ተቀምጧል። ፊቱ እንደ ልጅ ፊት ጠርቷል።

«ዘግይተዋል አባ» አለ።

ቄሱ አጠገቡ ተንበረከከ። «ማን ነበር እዚህ?»

«አላየሁትም። ፊትህን ወደ ግድግዳ አዙር አለኝ። አዞርኩ።»

«ኃጢአትህን ፈታልህ? የስርየቱን ቃል ሲል ሰማህ?»

«ሰማኝ። ሁሉንም ሰማኝ።»

«መስማቱን አይደለም የምጠይቅህ! ፈታህ ወይ?»

«ከዚያ ተራው የእኔ ሆነ» አለ አባቴ። «የራሱን ነገረኝ።»

ፌልም ከበሩ ወደ ኋላ ሸሸ።

«ምን... ምን ነገረህ?» አለ ቄሱ።

አባቴ ቄሱን በሐዘኔታ አየው። አዋቂ ሕፃንን እንደሚያይ።

«የንስሐ ምስጢር ይወጣል እንዴ አባ?»

ቄሱ ለመነው። አጭርም ቢሆን ተናዘዝ አለው። «አዝኛለሁ» በል ብቻ፤ ሌላውን እኔ እጨርሳለሁ አለው። እኔም ለመንኩ። እግሩን ይዤ ለመንኩ። አምስት ጊዜ የሄድኩት ለዚህ እኮ ነው አልኩት!

«ደክሞኛል ናብላ» አለኝ። «የእሱ ረጅም ነበር።»

ጋደም አለ። ቄሱ የብልቃጡን ክዳን ይታገላል... ክዳኑ እምቢ ይላል። ሲከፈት አባቴ የለም።

ዘይቱን ቀባው። ከሞተ በኋላ።

ደጃፉ ላይ ቄሱን ያዝኩት።

«ተፈትቷል ወይስ አልተፈታም?»

«አላውቅም ልጄ።»

«ማን ያውቃል?»

«ጳጳሱን መጠየቅ ይቻል ነበር።»

«የት ናቸው?»

እጁን ወደ ባሕሩ አቅጣጫ ዘረጋና መልሶ አወረደው። ጳጳሳችንን ካባረሩት ብዙ ዓመት ሆኗል። ቄሱ ጉሙ ውስጥ ገባ። ለመጨረሻ ጊዜ ያየሁት ያኔ ነው።

ሰዎች ይጠይቁኛል፤ «ለምን አልዞርሽም?» ይሉኛል። ምን ልበላቸው? መዞር ቀላል የሚመስለው እንዳይዞር ላልተማረ ሰው ነው።

ሞር ሬሳውን ልታጥብ መጣች። በሕይወት ሳለ በር የዘጋችበትን ሰው ልታጥብ መጣች። ቦታ እንዲኖራት አልጋውን ከግድግዳው ሳብ አደረግነው።

«ይህ ምንድን ነው?» አለች።

የክፍሉ ወለል ጠፍጣፋ ድንጋይ ነው። አባቴ ያነጠፈው ከመሞቱ ሁለት ዓመት በፊት ነው፤ ድንጋዮቹን እኔ ነኝ የተሸከምኩለት። አልጋው ራስጌ ያለው ድንጋይ ላይ ሁለት ጉድጓዶች ነበሩ። ጎን ለጎን። ለስላሳ፣ እንደ ሳህን የጎደጎዱ... ሰው መቶ ዓመት ሙሉ ቢንበረከክበት እንደሚበላ ድንጋይ።

ጣቴን አስገባሁ።

ድንጋዩ ገና ሞቃት ነበር።