ለእናቴ አሪቲ የመረጥኩት መብራት

የጅንና የሙት መንፈስ ወሬ ሲነሣ ልብስ አጥባለሁ ብዬ ከሰው መሀል የምወጣ ሴት ነበርኩ፣ በሠላሳ አምስት ዓመቴ ማታ ትምህርት ገብቼ ተክል ወደ ብርሃን እንደሚያዘነብል የተማርኩ ሰው፣ እመኑኝ፣ እንዲህ ያለ ነገር አልጽፍም ነበር።

እናቴ በሞተች ዓመት ቧንቧ ውሃ ሰፈር ካለው ቤታችን አጠገብ ፎቅ ተሠራና መስኮታችን ጨለመ፣ በጣሳ ተክላ የተወችልኝ አሪቲም መነመነ። ከእጇ የቀረኝ ሕያው ነገር እሱ ብቻ ነው። እሷ መግሪብ ሰግዳ ስትነሣ ሦስት ጫፍ በጥፍሯ ቀንጥባ ከሻሿ ሥር ትሰካ ነበር፣ እኔ ግን እንዳይጎዳ ብዬ አልነካሁትም።

የተክል ኤልኢዲ መብራት ፍለጋ ኮምቦልቻ ወረድኩ። ባለሱቁ ጋሽ ኢድሪስ ሁለት ዓይነት አወጡልኝ፣ ነጭና ሐምራዊ። ስለ ዋቱ፣ ስለ ሙቀቱ፣ ከቅጠሉ ምን ያህል እንደሚርቅ ስጠይቃቸው ብቆይ፣

«ወላሂ ዘሀራ፣ ለአሪቲ እንዲህ የሚጨነቅ አላየሁም፣ ቴሌቪዥንም ልጨምርለት?» አሉኝ።

«እርስዎ ካርቶኑን ብቻ ይስጡኝ፣ አነበዋለሁ» አልኳቸው።

በሐምራዊ ብርሃን ቢጫ ቅጠል ከአረንጓዴው አይለይም፣ ስለዚህ ነጩን መረጥኩ፣ ከጣሳው በስተቀኝ ሠላሳ ሳንቲ ሜትር በማስመሪያ ለክቼ ሰቀልኩት።

በሦስተኛው ቀን አሪቲው ለመብራቱ ጀርባውን ሰጥቶ፣ የእናቴ መስገጃ ተጠቅልሎ ወደቆመበት ጨለማ ጥግ አዘንብሎ አገኘሁት። ጣሳውን አዞርኩና በእርሳስ ምልክት አደረግሁበት። በማግስቱ ምልክቱ ካለበት አልተነቃነቀም፣ ግንዱ ግን ወደ ጥጉ ተመልሷል።

በዚያው ዕለት የመግሪብ አዛን እንዳበቃ መብራት ጠፋ። ሻማ ስፈልግ ከአሪቲው በኩል ቀጭ የሚል ድምፅ ሰማሁ፣ ጥፍር ለጋ ጫፍ ሲቀነጥብ የሚሰማው ዓይነት፣ ቆየት ብሎ ቀጭ፣ ደግሞ ቀጭ፣ ከዚያ የታሸ አሪቲ ሽታ ክፍሉን ሞላው።

«እማ?» አልኩ፣ ለምን እንዳልኩ እንጃ።

መብራት ሲመጣ ሦስት ጫፍ ተቀንጥቧል፣ ወለሉ ላይ ግን አንድም አልወደቀም፣ በሩም ከውስጥ እንደተቀረቀረ ነው።

ከወር በኋላ ጋሽ ኢድሪስ «መብራቱ ሠራልሽ?» ሲሉኝ፣ «አሪቲው ድኗል» አልኳቸው። ከተቀነጠበው ሥር ድርብ ድርብ አቆጥቁጧል፣ ይህንስ የማታ ትምህርቴ መጽሐፍም ያውቀዋል፣ ለምን አሁንም ወደ ጥጉ እንደሚያዘነብል ግን የትም አላገኘሁም። ጣሳውን ማዞር ትቻለሁ፣ መግሪብ ሲደርስ መብራቱን አጥፍቼ እወጣና በሩን ዘግቼ ቀጭ የሚለውን ከውጭ እቆጥራለሁ፣ ሁልጊዜ ሦስት ነው።

ትናንት አራት ቆጠርኩ፣ እናቴ ግን ከሦስት አልፋ አታውቅም።