የሰራዊት ቦቲ

«ቦቲዬን እንዲህ ያደረገው ማነው?»

ሰራዊት ቀኝ እግሩን ከቦቲው አውጥቶ ካልሲውን ሲጨምቀው ውሃው ተንዠቀዠቀ። ጎማው ከቁርጭምጭሚቱ በላይ ተቦጭቋል። ነገ ጉባ፣ ወደ ግድቡ ሥራ ይመለሳል፤ በዚህ ክረምት ደግሞ ቀዳዳ ቦቲ ከባዶ እግር አይሻልም።

ታናሽ እህቱ ፍሬሕይወት ሽንኩርት መክተፏን አላቆመችም። ቦቲው ሦስት ክረምት ያየ ነው። ሶሉ አልቆ ልሙጥ ሆኗል፤ ተረከዙን ጎሚስታ በመኪና ጎማ ካላማዳሪ ለጥፎታል። ቢሆንም እስከ ትናንት ውሃ አያስገባም ነበር።

«ያቺ ጓደኛሽ ዐፊፋ ናት! አድርጋው መንጌ ወረዳ ሄዳ ወርቅ ስታጥብ እንደነበር ሰው ነግሮኛል።»

«እኔ ነኝ ያዋስኳት» አለች ፍሬሕይወት። የቀረውን ዋጠችው።

ዐፊፋ ትናንት ቦቲውን አጥባ ነበር የመለሰችው። ፍሬሕይወት ግን ወንድሟ እርጥቡን እንዳያይ ፈርታ ከከሰል ምድጃው አስጠጋችውና ስልኳ ላይ ተጣደች። ቀና ስትል ቤቱ በጎማ ሽታ ታጥኗል። ምድጃው ላይ የተጣበቀውን ቁራጭ በቢላ ፍቃ ከከሰሉ ጆንያ ሥር ደበቀችው።

አሁን ዐፊፋ ደብተሯን በፌስታል ጠቅልላ በሩ ላይ ቆማለች። አብረው ነው ትምህርት ቤት የሚሄዱት።

«አንቺ!» ሰራዊት ቦቲውን ፊቷ ላይ ደቀነው። «ሰው አምኖ ያዋሰሽን በድንጋይ ትቀድጃለሽ? እናንተ ዕቃ መያዝ መች ታውቃላችሁ!»

«እናንተ» ሲል ዐፊፋን ብቻ ሳይሆን ወገኖቿን ሁሉ ማለቱ እንደሆነ ሦስቱም ገብቷቸዋል።

«ወላሂ፣ እኔ ስመልሰው ደህና ነበር። ፍሬ፣ አይተሻል አይደል?»

ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም ይባላል። ፍሬሕይወት ሽንኩርቷ ላይ አጎነበሰች፤ በራሷ አፈረች።

«ሁለተኛ እግርሽ እዚህ ግቢ እንዳይረግጥ!»

ዐፊፋ አላለቀሰችም። ፍሬሕይወትን እንደማታውቃት አየቻትና ዝናቡ ውስጥ ገባች።

ፍሬሕይወት ቢላዋውን አስቀመጠች። ከጆንያው ሥር የተጨማደደውን ጥቁር ቁራጭ አውጥታ ወንድሟ መዳፍ ላይ ጣለችው።

«ምንድነው ደግሞ ይሄ?»

«የቦቲህ ቁራጭ ነው፣ ጋሼ። እሳት ያስነካሁት እኔ ነኝ። እሷ ደህናውን ነው የመለሰችው።»

የሰራዊት ፊት በርበሬ መሰለ። «ነይ ወዲህ! ነይ አልኩሽ!»

ፍሬሕይወት ጃንጥላ እንኳ ሳታነሳ ወጣች። «ዐፊፋ!» ብላ ተጣራች። ዐፊፋ ሰማች፤ ግን ዞር አላለችም። ፍሬሕይወት ጭቃ የያዘውን ነጠላ ጫማዋን አውልቃ በእጇ አንጠለጠለችና ተከተለቻት።