ያልተጋጨው ብርጭቆ

ተዋናዩ ሮዲዮን ዛቤሊን በሌኒንግራድ የፊልም ስቱዲዮ፣ በመልበሻ ክፍሉ መስታወት ፊት ተደፍቶ ተገኘ። የሕዝብ አርቲስት የሚለውን ማዕረግ ያገኘው በዚያው ሳምንት ነበር። ሻዩ ውስጥ ፈረስ የሚጥል የልብ መድኃኒት ጠብታ ተገኘበት። ሻዩን የወሰደችለት ሚስቱ ኪራ ስለሆነች፣ የፖሊሱ መኪና በር ላይ ሞተሩን አስነስቶ እሷን ይጠብቃል።

መርማሪዋ ኖና አርኪፖቭና ግን አልቸኮለችም። በመጀመሪያ ዳይሬክተሩን ግሌብ ሳቪችን አስጠራች።

«ማን ይጠላው ነበር?»

«ዝነኛ ተዋናይ አይደል እንዴ! የማይጠላው ማን አለ?»

«እርስዎስ?»

«ፊልሜ ገና ድምፅ አልገባበትም። ዛሬ የምገድለው ቂል ነኝ?»

«ድምፁን የሚያስገባው እሱ ራሱ አይደለም?»

ግሌብ ሳቪች ሳቁ አመለጠው። «ሮዲዮን? መልኩ የጄኔራል፣ ድምፁ የጫጩት! ሃያ ዓመት ሙሉ የሚናገርለት ይፊም ነው።»

ይፊም ሉኪች አጭር፣ ፊቱ ጠባሳ ያለበት ሰው ነው። አገር ያለቀሰበት ድምፅ የሱ፣ አበባውና ሜዳሊያው የዛቤሊን። እንዲህ ነው ዓለም፦ የሚታየው ይበላል፣ የሚሠራው ያያል።

«ይቀኑበት ነበር?» አለችው መርማሪዋ።

«ቅናት የሴት ነው፣ ጓድ መርማሪ።»

«ሴት ነኝ፤ ስለዚህ ሳየው አውቀዋለሁ። ጠዋት ክፍሉ ገብተው ነበር?»

«እንኳን ደስ ያለህ ልለው። ሁሉም ገብቷል።»

ኪራ ዓይኗ አብጦ ገባች።

«ሻይ ካልቀዘቀዘ አይጠጣም። አስቀምጬለት ወጣሁ።»

«ከዚያስ?»

«የደስታው ምሳ ነበር። ሮዲዮን ሲቆይብን ግሌብ ሳቪች ‹ለአዲሱ የሕዝብ አርቲስት!› ብሎ ብርጭቆ አነሳ። አጋጭተን ጠጣን። ይፊም ብቻ ብርጭቆዬን ሳስጠጋለት የሱን ሰበሰበብኝ። ድሮም ይንቀኛል።»

ኖና አርኪፖቭና ብድግ አለች። «ሁሉንም ሰብስቡልኝ።»

ተሰበሰቡ፤ ፖሊሱ የኪራን ክንድ ይዞ ቆሟል። የምሳው ጠረጴዛ ገና አልተነሳም፤ የዓሣው ቅሪት እንኳ እዚያው ነው።

«ሻዩ እስኪቀዘቅዝ ሦስታችሁም ገብታችኋል» አለች። «ስለዚህ ሻዩ ምንም አይነግረኝም። ብርጭቆው ግን ነገረኝ። በአገራችን ልማድ ለሕያው ሰው ስንጠጣ እናጋጫለን። ለሞተስ?»

«አናጋጭም» አለ ግሌብ ሳቪች።

«ይፊም ሉኪች አላጋጩም። ሜካፕ ሠሪዋ ሬሳውን ያገኘችው ከዚያ በኋላ ነው።»

«ለሱ ክብር ማጋጨት አስጠልቶኝ ነው!» ብሎ ጮኸ ይፊም።

«ያስጠላው ሰው አይጠጣማ። ግሌብ ሳቪች፣ እንዴት ጠጣ?»

ዳይሬክተሩ አሰበ። «ቆሞ... ዝም ብሎ፣ እስከ ጭላጩ። እንደ ለቅሶ።»

«መሞቱን ያወቀ አንድ ሰው ብቻ ነበር። ለሙት ማጋጨትን እጅዎ እምቢ አለ።»

ይፊም አንገቱን ደፋ። ሲናገር፣ ሲኒማ ቤቱ ሁሉ የሚያውቀው ድምፅ ወጣ።

«ዛሬ እንኳ በሰው ፊት ስሜን ጥራልኝ አልኩት። ‹ጎረቤቶችህ ያውቁሃል፤ አይበቃህም?› ብሎ ሳቀብኝ። መድኃኒቱ የራሴ ነው፤ ልቤን ያመኛል። ዞር ሲል ሻዩ ውስጥ ገለበጥኩት።»

ፖሊሱ የኪራን ክንድ ለቀቀ። እሷ ግን ወደ በሩ አልሄደችም፤ ወደ ይፊም ቀረበች።

«መልኩ አታለለኝና አገባሁት» አለችው። «ሃያ ዓመት ግን ሲኒማ ቤት ብቻዬን እየሄድኩ ዓይኔን ጨፍኜ አንተን ነበር የምሰማው። አንተ ሰላምታ እንኳ ስትነፍገኝ...»

ይፊም ሁለት እጁን ለፖሊሱ ዘረጋ።

«ውሰዱኝ» አለ። «በእናታችሁ፣ እሷ ሌላ ቃል ሳትጨምርብኝ ውሰዱኝ።»