በሁለት ቀን የበቀለ ጉጥ

አቶ እንዳላማው ሰኞ ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ከአዲሱ የእንግዳ ማረፊያው ፎቅ ወድቆ ሞተ። ሲሚንቶው ላይ በግንባሩ ተደፍቷል። ለሁለት የተሰበረው የበረንዳ መደገፊያ አጠገቡ ወድቋል። ስልኩ ብቻ ሳይሰበር ቀርቷል።

ደብረ ማርቆስ ለማገዶ የሚፈልጠውን ጉጣም እንጨት ሰውየው ግድግዳ፣ አልጋና ወንበር አድርጎት ነበር። ወንበሩ የእንግዳ ሱሪ ይቀድዳል። የመጸዳጃ ቤቱ በር ጉጡ ወልቆ ስለተበሳ ገመና አይሸፍንም። ይህን ሁሉ «ተፈጥሯዊ ውበት» ብሎ ያሞካሸው የቤት ማስዋብ ባለሙያው ድረስ ነው፤ በዝናብም ጥቁር መነጽሩን የማያወልቅ ጎረምሳ።

ኢንስፔክተር እቴናት ስትደርስ ስልሳ ዓመት ያለፈው አናጢ የሺዋስ በካቴና ታስሮ ደረጃው ሥር ተቀምጧል። እቴናት ይጁቤ በምትባል የገጠር ከተማ ሞፈርና ቀንበር የሚጠርብ አባት ያሳደጋት ናት። ሰውን መጀመሪያ ትንቃለች፤ ማስረጃ ካገኘች ብቻ ታከብራለች።

«ምርመራ እንኳ አያስፈልገውም» አለ ድረስ። «ሽማግሌው የበሰበሰ ጉጥ ያለበትን ጣውላ ሆን ብሎ መደገፊያ አደረገው። አርብ ዕለት ተጣልተው ነበር። አሁን ወህኒ ይውረድ።»

«ሲሠራው አይተዋል?»

«እኔ ዲዛይን ነው የምሰጠው። መዶሻ አልይዝም።»

«ያስታውቃል» አለችና ትታው ሄደች።

የሟቹን ባለቤት የብርጓልን ወደ ጓዳ ወስዳ አስቀመጠቻት።

«እትዬ፣ እግዜር ያጽናዎት። ጠቡ በምን ነበር?»

«በዚሁ በእንጨት ነዋ! መደገፊያውን ቢያየው ልስልስ ያለ ነው። ‹ይኼ መላጣ ነገር ምንድን ነው? ጉጡ የት አለ?› ብሎ ጮኸ። ጋሽ የሺዋስም ‹ሰው የሚደገፍበት ላይ ጉጥ አላደርግም› ብለው እምቢ አሉ። ቅዳሜ ፎቅ ላይ መሰርሰሪያ ሲጮህ ሰማሁ። እሳቸው እሺ ያሉ መስሎኝ ዝም አልኩ።»

«ጉጥ ይወዳሉ?»

«ልብሴን የማይቀድድ ዕቃ ነው የምወደው።»

የሺዋስ ስትጠይቀው አንገቱን ደፍቶ መለሰላት።

«ልጄ፣ እኔ ከጥድ ጣውላ ጉጥ የሌለበትን መርጬ ነው ያቆምኩት። ቅዳሜ ማለዳ እንጨት ልገዛ ቁይ ከተማ ወረድኩ፤ የተመለስኩት ዛሬ ጠዋት ነው። የጫነኝን ሹፌር ጠይቂው። አሁን ግን ስብራቱ ላይ ጉጥ አለ ይሉኛል። አርባ ዓመት የሠራሁበት ስሜ በአንድ ጣውላ ሊጠፋ ነው።»

እቴናት ለሹፌሩ ደወለች፤ ሽማግሌው እውነቱን ነው። ከዚያ ስብራቱን አገላብጣ አየች። ሦስት ክብ ጉጦች ጎን ለጎን ተደርድረዋል። አንዱ ወልቆ ሲሚንቶው ላይ ወድቋል። አንስታ አሸተተችውና ፊቷን አጨማደደች። ወደ ሳሎን ገብታ ትልቁን መስታወት ተመለከተች። ዙሪያው በቅርንጫፍ ክብ ቁራጮች የተለጣጠፈ፣ ድረስ የሚኮራበት ሥራ ነው። ታች ጥጉ ላይ ሦስት ቁራጮች የሉም፤ የደረቀ ኮላ ብቻ ቀርቷል።

ሁሉንም መስታወቱ ፊት ሰበሰበቻቸው።

«አርብ ዕለት መደገፊያው መላጣ ነበር» አለች። «ሟቹ ራሱ የጮኸው ለዚህ ነው። ዛሬ ሦስት ጉጥ አለው። በደረቀ ጣውላ ላይ በሁለት ቀን ጉጥ አይበቅልም።»

ድረስ ሳቀ። «ሽማግሌው ቀይሮት ይሆናላ!»

«ሽማግሌው ቁይ ነበሩ። ደግሞ አናጢ ሰው መግደል ቢያምረው፣ በዚህ ቤት የበሰበሰ ጉጥ ሞልቶለታል፤ አንዱን አንስቶ ማቆም ነው። መሰርሰር ምን አደከመው?» የወለቀውን ቁራጭ አሳየቻቸው። «ጉጥ ቅርንጫፍ የነበረ ነው። የግንዱ ጭረት፣ የእንጨቱ የተፈጥሮ መስመር፣ ዞሮት ያልፋል። እዚህ ጣውላ ላይ ግን ጭረቱ ቀጥ ብሎ መጥቶ ቀዳዳው አፍ ላይ ተቆርጧል። ይኼን ያባቴ በሬዎች ሳይቀሩ ያውቁታል። ጣውላው ጥድ ነው፣ ይሸታል። ቁራጩ ባሕር ዛፍ ነው። የመጣውም ከዚህ መስታወት ነው።»



«መስታወቱን ማንም ሊነካው ይችላል» አለ ድረስ፤ ድምፁ ግን ቀጥኗል።

«እትዬ፣ የባለቤትዎን ስልክ ይክፈቱልኝ።»

የብርጓል ከፈተችው። እቴናት እሑድ ማታ የገባውን መልእክት ጮክ ብላ አነበበች፦ «ጋሼ፣ መደገፊያውን በጉጣም ጣውላ ቀይሬዋለሁ። ጠዋት ወጥተው ይዩት። ድረስ።»

ከዚህ በኋላ «እርስዎ» ማለቱን ተወችው።

«አልቀየርከውም። ጉጣም ጣውላ መፈለግ ታከተህና፣ ሽማግሌው ያቆሙትን ደህና ጣውላ ሦስት ቦታ በስተህ ቁራጭ ወተፍክበት። አቶ እንዳላማውም አምኖህ ጉጡን ሊያይ ወጣ። ተደግፎ ጎንበስ አለ፣ ተሰበረ። ሲሞትብህ ደግሞ ጥፋቱን እኚህ አዛውንት ላይ ደፈደፍከው። እንደሚሰበር ሳታውቅ ቀርተህ ይሆናል። ሽማግሌውን ስታሳስር ግን ታውቅ ነበር።»

«እኔ... እንዲያምር ብዬ ነው» አለ ድረስ። መነጽሩን ያኔ ገና አወለቀ። ከሥሩ ያለው ፊት የፈራ ልጅ ፊት ነበር፤ እቴናትን ግን አላሳዘናትም።

ካቴናው ከየሺዋስ እጅ ተፈትቶ ድረስ እጅ ገባ። ሽማግሌው የእጁን አንጓ እያሻሸ ሊወጣ ሲል የብርጓል ጠራችው።

«ጋሽ የሺዋስ፣ የሬሳ ሳጥኑን እርስዎ ይሥሩልኝ።»

የሺዋስ ግድግዳውን፣ ወንበሩን፣ መስታወቱን አንድ በአንድ አየ።

«ጉጥ ያለው ይሁን ወይስ መላጣ?»

የብርጓል እንባዋን ጠረገች።

«መላጣ ይሁን» አለች። «አሁን ምንም ሊል አይችልም።»