ከመጋረጃው ጀርባ የተያዘው እጅ

አገር የሚያስቀውን የቴሌቪዥን ኮሜዲያን ፊት ፓውደር የምቀባው እኔ ነኝ። ሙያውን ማንም አላስተማረኝም፤ ዓይኔ ነው ያስተማረኝ። ጉዱን ያሳየኝም ይኸው ዓይኔ ነው።

በሳምንቱ መጀመሪያ «እንጋባ» አለኝ። እስከ እሑድ ላስብበት አልኩት። ልቤማ ያኔውኑ እሺ ብሎ ነበር፤ ግን ትንሽ ይለመን ብዬ ነው።

ሐሙስ ልምምድ ላይ ታዲያ ከመጋረጃው ጀርባ ምን ባይ ጥሩ ነው? የዝግጅታችንን ዘፋኝ እጅ ይዞ፣ በጨለማው ቀስ እያለ እንደ ሙሽራ ይመራታል። ጆሮው ላይ አንሾካሾከችለት። ሳቀ፤ ያ ለእኔ ብቻ የሚስቀውን ሳቅ።

እሑድ ከዝግጅቱ በፊት ፊቴ ሲቀመጥ ፓውደሩን እንደ ጭቃ መረግኩበት።

«ቀስ በይ እንጂ የኔ እመቤት፤ ፊት ነው፣ ግድግዳ አይደለም።»

«ግድግዳማ ይሻላል፤ ቢያንስ አንድ ቦታ ይቆማል።»

ምን እንደነካኝ ቢጠይቀኝ፣ መልሴን ከዝግጅቱ በኋላ ትሰማለህ አልኩት። እምቢ ልለው እንደሆነ ገባው መሰለኝ፣ ፈገግታው ረገፈ። አዘጋጁ የእሱን ቀልድ ከዘፈኑ በፊት ስላደረገው ወዲያው ተጠርቶ ከመጋረጃው ፊት ቆመ። በቀጥታ የሚተላለፍ ነውና የተሳሳተ አይታረምም።

እኔ የዘፋኟን ላብ ልጠርግ ከመጋረጃው ጀርባ ሄድኩ። በጨለማው ክንዴን ለቀም አደረገችኝ።

«ማንም ሁኚ፣ ምሪኝ እባክሽ። ያንጸባርቃል ብለው መነጽሬን አስወልቀውኛል፤ በጠመኔ ያሰመሩልኝ መቆሚያ አይታየኝም። ኮሜዲያኑ ነበር የሚያደርሰኝ። እንደማላይ ካወቁ ያባርሩኛል።»

እንዲያም ሆኖ ቅናት አይምርም፤ ሐሙስ ጆሮው ላይ ምን እንዳለችው ጠየቅኳት።

«አንቺ ነሽ እንዴ? ይቺ ልጅ ምነው እሑድን አራቀችብህ፣ ነው ያልኩት።»

እጇን ይዤ መቆሚያዋ ላይ አደረስኳት። ልወጣ ስዞር መጋረጃው ተከፈተ። የፓውደር ብሩሼን እንደጨበጥኩ አገር አየኝ።

እሱም ዞሮ አየኝ። ዓይኑ ውስጥ ፍርሃት ነበር፤ ግን ሥራው ነውና፣ «እመቤቴ፣ ምን ጠፍቶሽ ነው?» አለ። ሙዚቀኞቹ ሳቁ።

አንገት መድፋት አልፈጠረብኝም።

«መልሴን ላደርስ ነው» አልኩት። «እሺ ብያለሁ።»

ሙዚቀኞቹ ሳይጀምሩ ዘፋኟ በባዶ ድምፅዋ ጀመረችልን። እሱ ግን ዘፈኑ እስኪያልቅ ጀርባውን ለካሜራው ሰጥቶ፣ ወደ እኔ እያየ ቆመ።