የጠመኔው መስመር

«ይኸው የአባትሽ ሱሪ» አለች ልጅቷ ለክፍል ጓደኛዋ ለቀጮ፣ ስም የተጻፈበትን ወረቀት ከሱሪው ላይ እየነቀለች። የእጅ ጽሑፉ የራሷ አባት ነው።

ልብስ ሰፊው አባቷ ከሞተ ሦስት ሳምንት ሆነው። ደንበኞቹ ግን ገና ይመላለሳሉ። የሁሉም ልብስ ተሰፍቶ፣ ተተኩሶ፣ ታጥፎ ነው የቆያቸው። «ቃሉን አክባሪ! የማንንም ሳያጓድል ሄደ» ይላሉ። እሷ ይህን በሰማች ቁጥር ጥርሷን ትነክሳለች። በመጨረሻው ሳምንት እንደዚያ ያጣደፈው ምን እንደነበር አሁን ገብቷታል።

የእሷ የትምህርት ቤት ቀሚስ ብቻ በጠመኔ እንደተሰመረ በርጩማው ላይ ቀርቷል። የቤት ሰው ሁሌም ተራ ጠባቂ ነው። የመጨረሻው ቀን ጠዋት ስትነዘንዘው «ነገ» አላት። «ያንተ ነገ መች ያልቃል!» ብላ በሩን ድርግም አድርጋበት ወጣች። አንዳንዴ በሩን ባልዘጋው ኖሮ ትላለች። አብዛኛውን ጊዜ ግን የሚመጣባት ንዴት ነው። ውሸታም! ለሰው ሁሉ ጊዜ ነበረህ።

«ልቡ ነው፤ ድንገት» ትላለች እናቷ ለጠየቀ ሁሉ። ራሱን ማጥፋቱን ከሁለቱ በቀር የሚያውቅ የለም። «የሰው መጠቋቆሚያ እንዳንሆን፣ አደራ» ብላታለች።

ቀጮ ሱሪውን ተቀብላም አልሄደችም። ወትሮ ቀልድ የማያልቅባት ልጅ ዛሬ ፌስታሉን ታሻሻለች።

«አንቺ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ? አትቀየሚኝማ?»

«በይ።»

«ፋዘርሽ መጀመሪያ ምን ምን ይለው ነበር? የኔም ሰሞኑን እንቅልፍ የለው፣ ምግብ የለው። ትናንት ሰዓቱን አውልቆ ለወንድሜ ሰጠው። ‹ከእንግዲህ ምን ያደርግልኛል› አለ። ልቡን ይሆን እንዴ?»

ጥጉ ላይ ጨርቅ ስታጥፍ የነበረችው የልጅቷ እናት ቀና አለች። ዓይኗ አደራ ይላል።

ልጅቷ ሦስት ሳምንት ማንም ያልነካውን ቀሚስ ከበርጩማው አነሳችው። ጠመኔው እጇ ላይ ቀረ።

«ልቡን አልነበረም» አለች። «ነይ ተቀመጪ፣ እውነቱን ልንገርሽ። ከዚያ አብረን እናትሽ ጋ እንሄዳለን። ዛሬውኑ።»

እናቷ ጨርቁን ጠረጴዛው ላይ ጣል አድርጋ ጫማዋን ትፈልግ ጀመር።